ፕሮዲዩሰሩንም በስሙ ጥሩት

ይድረስ ለጋዜጣው የኪነጥበብ ገጽ አዘጋጅ፤

እንደምን ከረማችሁ? የምጽፈው ከደሴ ነው። ሙጋድ በሚባለው ሰፈር ጨርቅ እሸጣለሁ። ጋዜጣችሁን ከሱቄ ጎን ያለው ልብስ ሰፊ ይገዛና አንብቦ ሲጨርስ ያቀብለኛል። እሱ የሚያየው ስፖርቱን ነው። እኔ የመሀሉን ገጽ።

በቅርቡ ስለ ማይክል ከርቲዝ ያወጣችሁትን አነበብኩ። እ.ኤ.አ. በ1942 «ካዛብላንካ»ን የሠራው ዳይሬክተር ማለቴ ነው። ጽሑፉ ደስ ይላል፣ እጃችሁ ይባረክ። ሃንጋሪ ተወልዶ፣ ያኔ ሚሃይ ኬርቴስ እየተባለ ሲጠራ ኖሮ፣ ኋላ ሆሊውድ ገብቶ ኦስካር እንደወሰደ በደንብ ነግራችሁናል። አንድ ቦታ ላይ ግን ቸኮላችሁ። ከአገሩ ከመውጣቱ በፊት በክፍለ ሀገር ጥቂት ፊልም መሥራቱን በአንድ መስመር ጠቅሳችሁ አለፋችሁ። እዚያ ክፍለ ሀገር ካሜራ ያቀረበለት ማነው? ተዋናዩንስ ማን ሰጠው? ለአንድ ወጣት «ና፣ እኔ ጋ ሥራ» ብሎ ገንዘቡን ያወጣው ሰው ስም የለውም እንዴ?

ነገሩ የነካኝ ያለ ምክንያት አይደለም። እኔም አንድ ፊልም ፕሮዲዩስ አድርጌያለሁ። ፖስተሩ ላይ ስሜ ከታች በደቃቁ ተጽፏል፤ ከማተሚያ ቤቱ ስልክ ቁጥር ጋር ሊተካከል ትንሽ ነው የቀረው። ለምረቃው የመጣው ሰው ዳይሬክተሩን አቅፎ ሳመ፣ ከተዋናይዋ ጋር ፎቶ ተነሳ። እኔን ሲያገኙኝ «አይዞሽ፣ ብሩ ይመለሳል» ነው ያሉኝ። ሰው ያዘነልኝ ለቅሶ ቤት የመጣ ይመስል ነበር።

ፕሮዲዩሰር ገንዘብ ሰጥቶ ዞር የሚል ሰው የሚመስለው ብዙ ነው። እስቲ ልንገራችሁ። ለሠርጉ ትዕይንት የሙሽራዋን ጨርቅ የመረጥኩት እኔ ነኝ። ነጩን ሳወጣ ካሜራማኑ «ይሄ ያበራል፣ ፊቷን ያጠቁርብኛል» አለ። ክሬሙን አወጣሁ። እሱም መብራት ሲያርፍበት ቢጫ መሰለ። በመጨረሻ ያልታጠበ አቡጀዲ አምጥቼ አሰፋሁት፤ በሥዕሉ ላይ ሲታይ የውጭ ሐር ነው የሚመስለው። ቦሩ ሜዳ ስንወጣ ደግሞ ጭጋጉ ወረደ። የጦሳ ተራራ አናቱን ከሸፈነ ምንም ማድረግ አይቻልም፣ መጠበቅ ነው። የሚጠብቅ ሰው ይበላል። የሚበላ ሰው ወጪ ነው። በዚህ መሀል አንድ ባላገር መጥቶ አህያው በካሜራው ፊት ስላለፈች እንዲከፈለው ጠየቀ። ዳይሬክተራችን ሳቀ። እኔ አልሳቅሁም፤ ከሰውዬው ጋር ተደራደርኩ፣ ጥቂት ብር ሰጠሁት፣ አህያዋን ሁለቴ እንዲመልስልን አደረግኩ። አሁን ፊልሙን ያየ ሁሉ «ያቺ አህያ እንዴት ታምራለች» ይላል። ለዳይሬክተሩ ነው የሚሉት።

ወደ ሃንጋሪው ሰውዬ ልመለስ። የእህቴ ልጅ በስኮላርሺፕ ሃንጋሪ ይማራል። የፊልሙን ጣጣ ሲሰማ በቴሌግራም «አክስቴ፣ አንቺን የመሰለ ሰው አገኘሁልሽ» ብሎ ጻፈልኝ። ከዚያ ቀስ በቀስ ያገኘውን ሁሉ እየተረጎመ ላከልኝ፣ እኔም በመዝገብ ደብተሬ ጀርባ ጻፍኩት። ገንዘብ በሚጻፍበት ደብተር መጻፌ ልክ ነው፤ ታሪኩ በአብዛኛው የገንዘብ ነው።

ሰውዬው ዬኖ ያኖቪች ይባላል። የተወለደው እ.ኤ.አ. በ1872 ኡንግቫር በምትባል ከተማ ነው፤ ዛሬ ዩክሬን ውስጥ ናት። የሱን ታሪክ ዘመን ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጽፈው። ተዋናይ ነበር፣ ኋላም የቲያትር ኃላፊ ሆነ። ከ1905 ጀምሮ የኮሎዥቫርን የሃንጋሪ ብሔራዊ ቲያትር መራ። ኮሎዥቫር ዋና ከተማ አይደለችም። ዋናዋ ቡዳፔስት ነች፣ ሩቅ ናት። ኮሎዥቫር የትራንሲልቫኒያ ከተማ ናት፣ ዛሬ ሮማኒያ ውስጥ ክሉዥ ትባላለች። ትልቅ የቲያትር ሕንፃዋ የተከፈተው በ1906 ነው። ከዚያ ሌላ በመናፈሻው ውስጥ፣ ሳሞሽ የሚባለው ወንዝ አጠገብ፣ የበጋ ቲያትር ነበራት።

ጨዋታው ያለው እዚህ በጋው ላይ ነው። እዚያ አገር በጋ ሲገባ ቲያትር ይቀዘቅዛል። ሰው ይዝናናል፣ ገጠር ይወርዳል። ተዋናዩ ግን በበጋም ይበላል። አንድ የቲያትር ቤት ሙሉ ሰው፣ ልብስ ሰፊው፣ አናጢው፣ ሥዕል ሠሪው፣ ደሞዝ የሚፈልግበት ግን ትኬት የማይሸጥበት ወራት አለ ማለት ነው። ያኖቪች ይህን አየና ሰዎቹን ፊልም ላይ አሠማራቸው። የቀረጻ ብርሃን በዚያ ዘመን ከፀሐይ ነው የሚገኘው፤ በጋው ለቲያትር ክፉ ቢሆን ለካሜራ ጥሩ ነው። ልብሱ ከቲያትሩ መጋዘን ወጣ። የአናጢው እጅ አለ። ተዋናዩ ቋንቋውንም ታሪኩንም ያውቃል። አንዱን ወጪ ሁለት ጊዜ ማሠራት ይሉሃል ይሄ ነው። ነጋዴ ሲያነበው ልቡ ይሞቃል።

መጀመሪያ ላይ ብቻውን አልገባም። በ1913 ከፈረንሳዩ ፓቴ ጋር ሆኖ አንድ ፊልም ተሠራ። ስሙን የእህቴ ልጅ «ቢጫው ውርንጭላ» ብሎ ተርጉሞልኛል። ታሪኩ ከሃንጋሪ የገጠር ቲያትር የተወሰደ ነው። ፓቴ ያኔ የዓለምን የፊልም ገበያ የያዘ ድርጅት ስለነበር ፊልሙ ከአገር ወጥቶ በብዙ ቦታ ተሸጠ። ድምፅ የለውምና ቋንቋ አያግደውም፤ ጽሑፉን መለወጥ ብቻ ነው። በቀረጻው ላይ አንዲት ተዋናይ ሳሞሽ ወንዝ ውስጥ ሰጥማ ሞታለች። እዚህ ላይ ስደርስ ደብተሬን ከድኜ ቆየሁ። እኛም ሐይቅ ላይ በታንኳ ቀርጸናል። ዋና የሚችል ሰው ባሕሩ ዳር ይቁም ስል «አክስቴ ፈራች» ተብሎ ተስቆብኝ ነበር።

ከዚህ በኋላ ያኖቪች በራሱ ቆመ። በ1914 ኬርቴስን ከቡዳፔስት አመጣው። የእናንተው ከርቲዝ ማለት ነው። በዚያው ዓመት «ባንክ ባን»ን ሠሩ። ይህ የዮዤፍ ካቶና ተውኔት ነው፤ በ13ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የሃንጋሪ ንግሥት ስለተገደለችበት ነገር ነው የሚያወራው። እዚያ አገር ትምህርት ቤት የገባ ሁሉ ያውቀዋል። እንግዲህ ልብ በሉ። በዚያ ዘመን ሲኒማ ቤቱን የሞላው የፈረንሳይ፣ የጣልያንና የዴንማርክ ፊልም ነው። ቀላሉ ነገር እነሱን መምሰል ነበር፤ ባለ ኮፍያ ሰው፣ ሽጉጥ፣ ሳሎን ቤት። ያኖቪች ግን የአገሩን መጽሐፍ ከመደርደሪያ አወረደ። ተውኔት፣ የገጠር ታሪክ፣ የያኖሽ አራኝን ግጥም ሳይቀር ፊልም አደረገ። ለዚህ ነው የሃንጋሪ ብሔራዊ ሲኒማ ሲባል የእሱ ስም የሚነሳው። የሚሠራውን የመረጠው እሱ ነው። ዳይሬክተሮቹ እየመጡ ሄደዋል። ምርጫው ግን አልተለወጠም።

የመጀመሪያው የዓለም ጦርነት የጀመረውም በ1914 ነው። ፈረንሳይ ጠላት አገር ሆነች፣ የፓቴ ነገር አከተመ። የጠላት አገር ፊልም መግባት ሲያቆም ሲኒማ ቤቱ ባዶ ሊቀር ነው። ሰው ግን በጦርነት ጊዜ ሲኒማ ይገባል፣ እንዲያውም ይብሳል። ስለዚህ የአገር ውስጥ ፊልም ተፈለገ። ያኖቪች ፕሮጀክቶግራፍ ከተባለው የቡዳፔስት ድርጅት ጋር ሆኖ ፕሮያ የሚባል ኩባንያ አቋቋመ። ቀጥሎ በ1916 ኮርቪንን። ስሙ ከንጉሥ ማትያስ ኮርቪኑስ የመጣ ነው፤ ንጉሡ የዚያችው ከተማ ልጅ ነው። ከ1913 እስከ 1920 ኮሎዥቫር ውስጥ ከ60 በላይ ፊልሞች ተሠርተዋል። ብዙዎቹን ዳይሬክት ያደረገውም ራሱ ነው። የጽሑፉንም ሥራ ሠርቷል።

ኮርቪን ላይ ሻንዶር ኮርዳ የሚባል ዳይሬክተር መጣ። እሱንም ታውቁታላችሁ፤ ኋላ ለንደን ሄዶ በ1933 ስለ ንጉሥ ሄንሪ ስምንተኛ የሠራው ፊልም በዓለም ስሙን አስጠራው፣ በ1942 ደግሞ የእንግሊዝ ንጉሥ «ሰር» የሚለውን ማዕረግ ሰጠው። ኮሎዥቫር ሲገባ ገና በሃያዎቹ መጀመሪያ ያለ ወጣት ነው። በ1916 ለያኖቪች ይሠራል። በ1917 ኩባንያውን ከነስሙ ገዝቶ ወደ ቡዳፔስት ይዞት ሄደ።

እንግዲህ ያኖቪች ምን ተሰምቶት ይሆን እያልኩ ሱቅ ቁጭ ብዬ አስቤያለሁ። ኬርቴስ ሄዷል። ኮርዳ ኮርቪንን ወስዷል። እኔ ብሆን ቢያንስ አንድ ሳምንት ከሰው አልነጋገርም። እሱ ትራንሲልቫኒያ የሚባል ሌላ የፊልም ኩባንያ ከፈተና ቀጠለ። ደሴ ውስጥ ስንት ልጅ አሠልጥነን አዲስ አበባ ወስዶብናል! የሰፈሬ ልጅ መብራት መያዝ የተማረው በእኔ ፊልም ነው። አሁን አዲስ አበባ ሙዚቃ ቪዲዮ ይሠራል፣ ለበዓል ይደውልልኛል። ተቀይሜ ነበር። የያኖቪችን ነገር ካነበብኩ ወዲህ ግን ልጁን ሳስበው ቅያሜው ቀለል ብሎኛል። ሙሉ በሙሉ አልለቀቀኝም፣ ቀለል ብሎኛል ነው ያልኩት።

ከዚያ ዘመኑ ተገለበጠ። በ1918 መጨረሻ የሮማኒያ ጦር ኮሎዥቫር ገባ። በ1919 መስከረም መጨረሻ ሃንጋሪዎቹ በትልቁ ቲያትር የመጨረሻ ትርዒታቸውን አሳዩ። ያቀረቡት «ሃምሌት»ን ነው። «መሆን ወይስ አለመሆን» ሲባል አዳራሹ ውስጥ የተቀመጠው ሰው ምን እንደተሰማው መገመት አያቅትም። ከዚያ ሕንፃውን አስረክበው ወጡ። በ1920 በትሪያኖን ውል ትራንሲልቫኒያ የሮማኒያ መሆኗ ጸደቀ። የፊልሙ ሥራም በዚያው ዓመት ቆመ። ተመልካቹም ሲኒማ ቤቱም ከድንበሩ ማዶ ቀርቷልና ማን ይገዛዋል?

ከመጨረሻዎቹ ፊልሞቹ አንዱ ስለ ቂጥኝ በሽታ ሕዝብ የሚያስተምር ነው። ይህን ስሰማ ሳቄ መጣ። በስላቅ አይደለም፣ ነገሩ የኛ ስለመሰለኝ ነው። ደሴ ላይ የኔ ዘመን ልጆች ቲያትር የለመዱት በፀረ ኤድስ ክበብ ነው። ሐሙስ ከሰዓት መድረክ እንወጣለን። አንዱ ታማሚ፣ አንዱ ሐኪም፣ አንዷ እናት። እናት ሁልጊዜ እኔ ነኝ፣ ገና በአሥራ አምስት ዓመቴ። በሽታው ባይኖር አብዛኞቻችን መድረክ ላይ ቆመን አናውቅም ነበር።

ያኖቪች ሃንጋሪኛ ቲያትሩን ይዞ መናፈሻው ውስጥ ወዳለው የበጋ ቲያትር ገባ። የሚደግፈው መንግሥት የለም። ከፊልም ያገኘውን ሀብት እዚያ ላይ አፈሰሰው። ቲያትሩ ፊልሙን አበላው፣ ኋላ ደግሞ ፊልሙ ቲያትሩን አበላው ማለት ነው። እስከ ሠላሳዎቹ መጀመሪያ ድረስ እንዲህ ገፋ፣ ሀብቱ አለቀ። በ1940 ከተማዋ ወደ ሃንጋሪ ተመለሰች። ደስ ይለው ነበር መቼም። ግን ትውልዱ አይሁዳዊ ነበረና በጊዜው ሕግ ምክንያት ያን ሁሉ ዘመን ተሸክሞ ያቆየው ቲያትር በሩን ዘጋበት። በ1944 ቡዳፔስት ውስጥ ተደብቆ ተረፈ። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ወደ ኮሎዥቫር ተመለሰ፣ በ1945 ኅዳር ወር እዚያው አረፈ። ወገን ያልኩት እንደዚህ ሲያደርገኝ ምን እል ነበር እያልኩ አስባለሁ። እሱ ተመልሶ መጣ።

ፊልሞቹስ? አብዛኞቹ ጠፍተዋል። «ባንክ ባን» የለም። ጥቂት ብቻ ተርፈዋል። ከነሱ አንዱ ኬርቴስ የሠራው ነው፤ በአማርኛ «ተባራሪዋ» ልበለው። ለዘጠና ምናምን ዓመት ጠፋ ሲባል ኖሮ ኒውዮርክ ባለ የሃንጋሪዎች ቤት ምድር ቤት ውስጥ ተገኘ። ቡዳፔስት ያለው የፊልም ቤተ መዛግብት አሳድሶት አሁን ይታያል። የእህቴ ልጅ ልኮልኝ በስልኬ አየሁት። ገበያ ቀዝቃዛ በነበረ ከሰዓት፣ ስልኩን ከሜትሩ ጋር አስደግፌ።

ታሪኩን ደሴ ያለ ሰው ሁሉ ይገባዋል። አንዲት የገጠር ልጅ አለች። አሳዳጊዋ ሊሞት ሲል ስለ እውነተኛ እናቷ ይነግራታል፤ እናቲቱ ባሏን ገድላ እስር ቤት ናት። ልጅቷ ከተማ ወርዳ ሰው ቤት ትቀጠራለች። የቤቱ ልጅ ይወዳታል። ከዚያ ሌባ ተብላ ትባረራለች። እናትየው ደግሞ ከእስር ተፈትታ ልጇን ፍለጋ ትወጣለች። ልጅቷ ሊሊ ቤርኪ ናት። እናትየዋን የሠራችው ማሪ ያሳይ የሃንጋሪ መድረክ ትልቋ ተዋናይ ነበረች። ሴትዮዋ አትናገርም፣ ድምፅ የለማ። ግን ፊቷን ካያችሁት በኋላ የኛ ፊልም ውስጥ ያሉ እናቶች ለምን ያን ያህል እንደሚጮኹ ይገርማችኋል። ልብስ ሰፊው ጎረቤቴም መጥቶ ከኋላዬ ቆመ። እሱ ያየው የገበሬዎቹን ልብስ ነው። «ይሄ ለቀረጻ የተሰፋ አይደለም፣ የተለበሰ ነው» አለኝ። እኔም እንደዚያ ነው የመሰለኝ። ደንበኛ መጣች፣ «ቆይ አንዴ» አልኳት። ጨርቅ በመሸጥ ዘመኔ ደንበኛ ቆይ ስል ብዙም አይታወቅም።

ስለ መጥፋት ካነሳሁ አንድ ነገር ልጨምር። በ2014 ዓ.ም. ጦርነቱ ደሴ ሲደርስ እንደ ሌላው ሰው እኛም ከተማውን ለቀን ወጣን። ሱቁ ውስጥ ያለውን ጨርቅ ትቼዋለሁ። የፊልሙን ሃርድ ዲስክ ግን በነጠላ ጠቅልዬ ከልጄ ልብስ ጋር ይዤው ወጣሁ። ዳይሬክተሩ ሌላ ኮፒ አለኝ ብሎኝ ነበር። ስንመለስ የእሱ የለም። ስለዚህ ዛሬ ያ ፊልም ያለው ያ ሃርድ ዲስክ ስላለ ነው። ይህንንም ከፕሮዲዩሰር ሥራ ቁጠሩት። ደሴ ውስጥ በየቤቱ በቪኤችኤስ የተቀረጸ ስንት የቲያትርና የኪነት ትርዒት አለ። ክሩ እየተጣበቀ ነው። የሠርግ ካሴት ወደ ፍላሽ የሚገለብጡት ልጆች እንኳ «ይሄ አይነሳም» እያሉ መመለስ ጀምረዋል።

አሁን ወደ ራሳችን። እኛ አገር «ሂሩት አባቷ ማነው» በ1957 ዓ.ም. ከወጣ ወዲህ ስለ ፊልም ሲወራ አዲስ አበባ ነው። ወሎ ለአገሩ ትዝታን፣ ባቲን፣ አምባሰልን፣ አንቺ ሆዬን ሰጥቷል። ፊልም ላይ ግን የወሎ ሰው ሲፈለግ የአዲስ አበባ ተዋናይ «አብሽር» ማለት አጥንቶ ይመጣል። አንዳንዱማ በየዓረፍተ ነገሩ ላይ ይጨምራታል። እኛ እንኳ እንደዚያ አንልም! ልጆቹ ላይ አልፈርድም። ታሪኩን የሚመርጠው ገንዘብ ያወጣው ነው፤ ገንዘቡ ያለው አዲስ አበባ ከሆነ ወሎ እዚያ ያለ ሰው እንዳሰባት ትቀረጻለች።

እና የኔ ነገር ይሄ ነው። ኮሎዥቫር ዋና ከተማ አልነበረችም። የነበራት ቲያትር ቤት፣ በጋ ላይ ሥራ ያጡ ተዋናዮችና ሒሳብ የሚያውቅ አንድ ሰው ነው። ደሴም ትችላለች። ሰማዩ እንኳ ይረዳናል። ደሴ ላይ ጭጋግ ከያዘን ሐረጎን ወርደን ኮምቦልቻ ስንገባ ፀሐይ ነው፤ መንገዱ 25 ኪሎ ሜትር ገደማ ቢሆን ነው። ጠዋት ብርድና ጭጋግ ያለበትን ትዕይንት እዚህ፣ ከሰዓት ሙቀት የሚፈልገውን እዚያ። የፋብሪካ ትዕይንት ቢያስፈልግ ኮምቦልቻ ነው ያለው። ባላገር ቢያስፈልግ ኩታበር መውጣት ነው። ባሕር ቢያስፈልግ ሐይቅ አለ። ይህን ሁሉ በአንድ ሚኒባስ ማዳረስ የሚቻልበት ሌላ ከተማ ካለ ንገሩኝ።

ነጋዴ ጓደኞቼ ታዲያ «ትርፉ ስንት ነው?» ይሉኛል። ደግ ጥያቄ ነው፣ እኔም ያንኑ ነው የምጠይቀው። የመጀመሪያዬ አላተረፈም። ያሳየልን አዳራሽ ድርሻችንን የሰጠን ከብዙ ምልልስ በኋላ ነው፣ ያውም ተቆርጦ። ግን ኪሳራው የት እንደገባ አውቄዋለሁ። ግማሹ የሄደው ከአዲስ አበባ ላስመጣናቸው ተዋናዮች ለአልጋና ለመኪና ነው። ለልብስ፣ ለቦታና ለድግሱ የወጣው ኢምንት ነው፤ ያ ሁሉ እጃችን ላይ ነበር። ያኖቪች የገባው ይሄ ነው። ያለህን ቁጠር፣ ያንን የሚጠቀም ታሪክ ምረጥ። ሰፈራችን ያሉትን ተዋናዮች ይዘን ብንሠራው ኖሮ በዚያው ገንዘብ ሁለተኛውን እንጀምርበት ነበር።

ከእናንተ የምፈልገው ብዙ አይደለም። ስለ ከርቲዝ ስትጽፉ ያኖቪችንም በስሙ አንሱት፤ በሚቀጥለው እትም ሁለት መስመር ብትጨምሩ በቂዬ ነው። የአገራችንን ፊልም ስትተቹ ደግሞ ማን ዳይሬክት እንዳደረገው ከጻፋችሁ በኋላ ማን እንዳሠራው ጻፉ። ፊልሙ መጥፎ ከሆነም ጻፉት፤ ጥፋቱም የሱ ነውና ይድረሰው።

የሚቀጥለው ፊልማችን ኅዳር ላይ ይጀመራል፣ አላህ ቢል። ድርሰቱን የጻፈው የደሴ አስተማሪ ነው። ተዋናዮቹ በሙሉ የዚሁ ልጆች ናቸው። ለቀረጻው አንድ የኮምቦልቻ ነጋዴ ባዶ መጋዘኑን ለሁለት ወር ሰጥቶናል። ኪራይ አልጠየቀም። ስሙ ፖስተሩ ላይ በትልቁ እንዲጻፍለት ብቻ ነው ያለው፤ ከእኔ ስም በላይ እንዳይሆን ተከራክሬ ተስማምተናል።

አክባሪያችሁ፣
የጨርቅ ነጋዴዋ
ከደሴ፣ ሙጋድ